ሽማግሌ ተሟጋችና የችሎት ተራ

ስለ አገራችን የሙግት ሥርዐት እስከ ዛሬ የተጻፈውን የተመለከተ ሰው እንደሚያስታውሰው፣ ጸሐፊዎች አብዝተው የደከሙት የተሟጋቹን አንደበት በመግለጥ ነው። በልሃ ልበልሃው፣ ተጠየቁ፣ በማርና በበቅሎ የሚደረገው ውርርድ፣ ዘንግ ይዞ ወደ ፊት ራመድ ወደ ኋላ መለስ እያሉ መናገሩ፣ ለሰሚውም ለተመልካቹም ደስ የሚያሰኝ ስለ ሆነ፣ አገር ጐብኚውም የታሪክ ጸሐፊውም በዚሁ ተማርኮ ቀርቷል። ሙግት የሚፈጀውን ጊዜ ግን የመረመረ ጥቂት ነው። ይልቁንም ጊዜ እጅግ ያጠረበት ሰው፣ ማለት ዕድሜው የገፋ ባለጉዳይ፣ ክሱን ካቀረበ በኋላ ፍርዱን በዐይኑ ያይ ዘንድ ልማዱም ሕጉም ምን ያደርጉለት ነበር ብሎ የጠየቀ የለም ለማለት ያስደፍራል። በዚህ ጽሑፍ ልመረምረው ያሰብሁት ይህንኑ ነው።

ነገሩ ሲታይ ቀላል ይመስላል። ሽማግሌ በአገራችን የተከበረ ነው፤ በማዕድ ይቀድማል፣ በመንገድ ይለቀቅለታል፣ በሰርግና በልቅሶ ላይ ከፍ ያለው መቀመጫ የእርሱ ነው። እንግዲያውስ በችሎትም ቀድሞ የሚሰማ እርሱ ሳይሆን አይቀርም ብሎ መገመት ይቻላል። ዳሩ ግን ልማዱን ጠጋ ብሎ የመረመረ ሰው የሚያገኘው ሌላ ነው። ችሎት ለሽማግሌ የሰጠው ስፍራን እንጂ ተራን አልነበረም። ለዚህ ከሁሉ የበለጠ ምስክር የሚሆነው የፍርድ አሰጣጡ ሥርዐት ነው። በጥንቱ ሸንጎ የተቀመጡት ሰዎች በነገሩ ላይ አስተያየታቸውን ሲሰጡ፣ በማዕርግም በዕድሜም ዝቅ ካለው ተጀምሮ ወደ ላይ ይወጣ ነበር፤ ታላቁ የሚናገረው በመጨረሻ ነው። ምክንያቱም የታወቀ ነው፤ ታላቁ አስቀድሞ ከተናገረ ታናሹ አፍሮ ቃሉን ይከተላል እንጂ የልቡን አይናገርም። ስለዚህ በእኛ አገር የሸንጎ ልማድ ክብር ማለት መጨረሻ መሆን ነበር። ይህ ለፈራጁ ሽማግሌ መልካም ነው። ለተሟጋቹ ሽማግሌ ግን መጨረሻ መሆን ምን እንደሚያመጣበት የሚያስረዳ አያስፈልገውም።

እርግጥ ነው፣ ፈጣን መንገድ አልነበረም ማለት አይደለም። በድሮው ልማድ ሁለት ሰዎች በመንገድ ላይ ቢጣሉ፣ ያገኙትን አላፊ አግዳሚ «ዳኛ ሁነን» ብለው ሊያቆሙት ይችሉ ነበር። የመንገድ ዳኛም ነገሩን ሰምቶ ቢችል ያስታርቃል፤ ባይችል ዋስ አስጠርቶ ወደ ሹሙ ይመራል። ጉዳዩ በቤተ ዘመድ መካከል ከሆነ ደግሞ የዘመድ ዳኛ ይቀመጥበታል። የዘመድ ዳኞች በዛፍ ጥላ ሥር ወይም በቤተ ክርስቲያን ደጅ ከቅዳሴ በኋላ ይሰበሰባሉ፤ ቀጠሮአቸው ከእሑድ እስከ እሑድ፣ ቢረዝም ከማኅበር እስከ ማኅበር ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ይህ መንገድ ለአረጋዊው የተመቸው ዕድሜውን ስላከበረ አይደለም፤ ቅርብ ስለ ሆነ ነው። ሽማግሌው በቅሎ ሳይጭን፣ ስንቅ ሳያስቋጥር፣ ምርኩዙን ይዞ ሊደርስበት ይችላል። ዳኞቹም ያውቁታል። ትናንት ሳል እንደ በረታበት፣ ዐይኑ እንደ ደከመ፣ ከመከር በኋላ ይኖር አይኖር እንደ ሆነ ማንም ሳይነግራቸው ያውቃሉ። የሕግ መጽሐፍ ሊጽፈው የማይችለው ዕውቀት ይኸው ነው።

ችግሩ የሚነሣው አንደኛው ወገን እርቁን እንቢ ብሎ ነገሩ ወደ ላይ መውጣት ሲጀምር ነው። ከጭቃ ሹሙ ወደ ባለጉልቱ፣ ከባለጉልቱ ወደ አገር ገዥው፣ ከዚያ ወደ ወንበሮች፣ ከወንበሮች ወደ አፈ ንጉሡ፣ በመጨረሻም ወደ ዙፋን ችሎት እያለ የሚሄደው የይግባኝ መሰላል ለድኻው ትልቅ ተስፋ ነበረ። ማንም ሰው ንጉሡ ዘንድ ደርሶ «አቤት» ለማለት መቻሉ የአገራችን የፍርድ ታሪክ ከሚመካባቸው ነገሮች አንዱ ነው፤ እኔም አላቃልለውም። ነገር ግን መሰላሉ እያንዳንዱ እርከን የእግር መንገድ ነው። ከጐጃም ወይም ከወሎ ተነሥቶ አዲስ አበባ ድረስ የሚመጣ ባለርስት፣ ክረምት ሲገባ ዓባይና በሽሎ ሞልተው መንገድ ይዘጉበታል፤ በበጋ ቢመጣ መከሩ ይባክንበታል። ከመጣ በኋላም ደጅ መጥናት አለ። ደጅ ጥናት የሚለው ቃል ራሱ ሰውዬው ጊዜውን እንደ ግብር የሚከፍል መሆኑን ያሳያል። ጐልማሳው ዓመት ቢፈጅበት ይመለሳል። ሽማግሌው ግን ወይ ልጁን ይልካል፣ ወይ ነገረ ፈጅ ይገዛል፣ አለዚያም ራሱ መጥቶ በሰው አገር ይቀበራል።

ልጁን ቢልክ ወይም ነገረ ፈጅ ቢገዛ ምን ይጐድልበታል የሚል ሰው ይኖር ይሆናል። መልሱ ያለው በርስት ክርክር ውስጥ ነው፤ ስለዚህ በዚህ ላይ ጥቂት ልቈይ።

በሰሜኑ የአገራችን ክፍል ርስት የሚጠየቀው በትውልድ ቈጠራ ነበር። ተሟጋቹ መሬቱን መጀመሪያ ካቀናው አባት ጀምሮ፣ በአባትም በእናትም በኩል እየቈጠረ ወደ ራሱ መውረድ አለበት። በዚህ ቈጠራ ውስጥ አንዲት ሴት አያት ብትዘነጋ ወይም ሁለት ወንድማማቾች ቢዛነቁ ነገሩ ይፈርሳል። አላን ሆበን የተባለው አሜሪካዊ የሰው ልጅ ባህል ተመራማሪ በደጋ ዳሞት ተቀምጦ ይህንን ሥርዐት አጥንቶ በ1973 በፈረንጅ አቈጣጠር ባሳተመው መጽሐፍ፣ የርስት ክርክር ለአካባቢው ሰው ምን ያህል የኑሮው ማዕከል እንደ ነበረ በሰፊው ገልጦታል። እንግዲህ ይህ ቈጠራ የሚገኘው የት ነው? በብራና ላይ የተጻፈ አይደለም፤ አልፎ አልፎ በወንጌል ኅዳግ ላይ የተመዘገበ የስጦታ ወይም የውል ቃል ቢገኝም፣ የአብዛኛው ሰው ትውልድ ያለው በሽማግሎች አእምሮ ነው። ስለዚህ አረጋዊው ባለርስት በችሎት ፊት ሁለት ሰው ነበረ ማለት ይቻላል፤ ከሳሽም ነው፣ ሰነድም ነው። ነገረ ፈጅ ከሳሹን ሊተካ ይችላል። ሰነዱን ግን ማን ይተካል?

ይህንን ከሁሉ አስቀድሞ የሚያውቀው ተቃዋሚው ነው። የቀጠሮ ማራዘም በእኛ አገር ሙግት ውስጥ እንደ ጥበብ ይቈጠር የነበረውም በዚህ ምክንያት ይመስለኛል። ምስክሬ ዘመቻ ሄዷል፣ ዋሴ ታሟል፣ በቅሎዬ ሞታብኛለች ማለት በጐልማሳ ላይ ሲሆን ማስቸገር ብቻ ነው፤ በሰማንያ ዓመት ሽማግሌ ላይ ሲሆን ግን ሰነድ ማቃጠል ነው።

አሁን አንባቢ ሊጠይቅ የሚገባው፣ ነገሩ ይህን ያህል የታወቀ ከሆነ ልማዱ ስለ ምን መድኀኒት አላበጀለትም የሚለው ነው። እኔ እንደሚመስለኝ ምክንያቱ በርስት ሐሳብ በራሱ ውስጥ ይገኛል። ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ ይባላል። ይህ ተረት ብቻ አይደለም፤ የሕግ ሐሳብ ነው። የርስት መብት በጊዜ ብዛት አይጠፋም፤ አያት ያልጠየቀውን የልጅ ልጅ ሊጠይቀው ይችላል። መብቱ የማይሞት ከሆነ ለመቸኰል ምን ምክንያት አለ? በልማዱ ዐይን ተሟጋቹ ሰውዬው አይደለም፤ ቤቱ ነው፣ ዘሩ ነው። አባት ቢሞት ልጅ በዚያው ቀጠሮ ይቀርባል፤ ነገሩም ይቀጥላል። የአንድ ሰው ዕድሜ ለዚህ ዐይነቱ ሙግት መለኪያ አልነበረም። ይህ አስተሳሰብ ለዘሩ ታላቅ ጋሻ ሆኖ ሳለ ለሰውዬው ግን ጨካኝ ነበር፤ ርስቱን ለልጁ ልጅ ጠብቆለት፣ እርሱን ራሱን ጦም አሳድሮታል።

ጭካኔው ገሃድ የሚወጣው ክርክሩ ከሰውዬው ጋር የሚሞት በሆነ ጊዜ ነው። ለምሳሌ የጧሪን ጉዳይ እንውሰድ። ልጅ የሌለው ወይም ልጆቹ የራቁበት ሽማግሌ ከዘመዶቹ አንዱን፣ ወይም የጡት ልጁን፣ «ጡረኝ፣ ስሞት ቅበረኝ፣ ተዝካሬን አውጣልኝ» ብሎ መሬቱን በእጁ ያደርግለታል። ጧሪው ቃሉን ቢጠብቅ ሁሉም መልካም ነው። ባይጠብቅስ? ሽማግሌው ከስሶ መሬቱን መልሶ ለሌላ ጧሪ መስጠት ይፈልጋል። ይህ ክስ ለወራሽ የሚተላለፍ አይደለም፤ የዕለት እንጀራ ነው፣ የዛሬ ክረምት ማገዶ ነው። ቀጠሮው ሁለት ዓመት ከወሰደ ሽማግሌው በሚሞትበት ጊዜ ከሳሹ ይጠፋል፤ መሬቱም በያዘው ሰው እጅ ይቀራል። የዘመድ ዳኞች ይህን ዐይነቱን ጉዳይ ከሌላው አስቀድመው ለመጨረስ መጣራቸው ስለዚህ ነው፤ ዐፍ ላይ የዋለ ሕግ ኖሯቸው ሳይሆን የሽማግሌውን ጐተራ ስለሚያዩት ነው።

ከልማድ ወደ ተጻፈው ሕግ ስንሻገር መጀመሪያ የሚገኘው ፍትሐ ነገሥት ነው። ይህ መጽሐፍ በ13ኛው መቶ ዓመት በግብጻዊው በኢብን አል ዐሳል በዐረብኛ የተዘጋጀና ወደ ግእዝ የተተረጐመ መሆኑ የታወቀ ነው። ስለ ዳኞች የሚናገረው 43ኛው አንቀጽ ዳኛው ባለጠጋና ድኻን በአንድ ዐይን እንዲያይ አጥብቆ ያዛል። እኩልነት ትልቅ ነገር ነው፤ ነገር ግን ለሁለት ሰዎች እኩል የጊዜ ርዝመት ሲሰጥ፣ አንደኛው አርባ ዓመት የቀረው ሌላው አራት ዓመት የቀረው ከሆነ፣ የተሰጣቸው እኩል አይደለም። ይህ ሐሳብ ለጥንቱ ሊቃውንት የተሰወረ ነው አልልም፤ በመጽሐፉ ሐሳብ ግን ሚዛኑ የተሠራው ለሀብትና ለማዕርግ እንጂ ለዕድሜ አይደለም።

ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮችን ሲሾሙ አፈ ንጉሥ ነሲቡ የፍርድ ሚኒስትር ሆኑ። ከጠላት ወረራ በኋላ በ1934 ዓ.ም. በወጣው የፍርድ አስተዳደር ዐዋጅ ፍርድ ቤቶች በደረጃ ተደራጁ፤ በ1955 ዓ.ም. ደግሞ የወረዳ፣ የአውራጃ፣ የከፍተኛና የጠቅላይ ንጉሠ ነገሥት ፍርድ ቤት ተብለው በአራት ተከፈሉ። ከነዚህ ሁሉ ይልቅ ለያዝነው ጉዳይ የሚቀርበው በ1939 ዓ.ም. የወጣው የአጥቢያ ዳኞች ዐዋጅ ነው። አጥቢያ ዳኛው በፍትሐ ብሔር ሊያይ የሚችለው እስከ 25 ብር የሚደርስ ጉዳይ ስለ ነበረ፣ የከተማ የሕግ ዐዋቂዎች ብዙ ጊዜ ይንቁታል። እኔ ግን በዚያ ዘመን ለባላገሩ ሽማግሌ ከተሠራለት ሁሉ የሚሻል ይህ ነበር እላለሁ። የሽማግሎችን ቅርበትና አስታራቂነት ከመንግሥት ሥልጣን ጋር ለማጋባት የሞከረ ዐዋጅ ነውና። ጉድለቱ በገንዘቡ ልክ ላይ ነው፤ ርስት የሚያህል ነገር በ25 ብር ሚዛን አይመዘንምና።

የፍትሐ ብሔር ሕግ በ1952 ዓ.ም. ወጥቶ ከመስከረም 1 ቀን 1953 ዓ.ም. ጀምሮ ሲጸና፣ መብት በጊዜ አይጠፋም የሚለው የርስት ሐሳብ ከባድ ድንጋይ ገጠመው። አዲሱ ሕግ ለክስ የጊዜ ገደብ አበጀ፤ ለውርስ ጥያቄ እንኳ፣ ወራሹ መብቱን ካወቀ በኋላ የሦስት ዓመት፣ ከዘር የወረደ ርስት ካልሆነ በቀር ደግሞ የ15 ዓመት ወሰን ሰጠ። እንግዲህ የሚያስገርመው ይህ ነው፤ ሕጉ ከሳሹ ክሱን ለማቅረብ እንዲቸኵል አዘዘ፤ ፍርድ ቤቱ ክሱን ለመጨረስ እንዲቸኵል ግን በዚያው ጥብቅነት አላዘዘም።

በ1958 ዓ.ም. የወጣውና እጅግ ብዙውን ከሕንድ ሕግ የወሰደው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዐት ሕግ ይህን ክፍተት በከፊል ለመድፈን ሞክሯል። ገንዘቡ በታወቀ የብድር ሰነድ ላይ ለተመሠረተ ክስ አጭር ሥነ ሥርዐት፣ ለአንዳንድ ሌሎች ጉዳዮች ደግሞ የተፋጠነ ሥነ ሥርዐት የሚባል ሠርቷል። በሕመም ወይም በድካም ምክንያት ወደ ችሎት ሊመጣ የማይችል ሰው ቃሉን ባለበት እንዲሰጥ መርማሪ የሚላክበትም መንገድ አለ። ይህ የመጨረሻው ለሽማግሌ ሰነድነት የተገባ መድኀኒት ነው፤ የደካማው ቃል ሳይሞት ይጻፍለታልና። በሥራ ላይ ሲውል ግን ዳኛው የሚልከው ሰው፣ የሚልክበት በቅሎና የሚከፍለው አበል ያስፈልገዋል። ዕድሜን ብቻ ምክንያት አድርጎ ቀጠሮን የሚያስቀድም አንቀጽ በዚህ ሕግ ውስጥ አልተጻፈም። ሕጉ መድኀኒት ያዘጋጀው ለሰነዱ፣ ለገንዘቡና ለበሽተኛው ነው፤ ጤነኛ ሆኖ ያረጀ ሰው በየትኛው ዝርዝር እንደሚገባ አይታወቅም።

በዚህ ላይ አንድ ያየሁትን ልጨምር። በወጣትነቴ በአንድ የገጠር ፍርድ ቤት ደጅ ብዙ ቀን ውዬ ነበር። ከባለጉዳዮቹ መካከል አንዲት እማማ ነበሩ፤ የጠየቁት ነገር በመሠረቱ ጥቂት ነው፤ ከወንድማቸው ልጅ ላይ አንድ ጥማድ የማይሞላ መሬት። ጸሐፊው ስማቸውን በጠራ ቍጥር ቆመው «አለሁ» ይሉ ነበር። «አቤት» አይሉም፤ «አለሁ» ነው የሚሉት። ሰውም ይሥቅ ነበር፤ እኔም ሥቄ እንደ ነበረ አልሸሽግም። ተቃዋሚያቸው አንድ ጊዜ ጠበቃዬ አልመጣም፣ ሌላ ጊዜ ሰነድ ቀርቶብኛል ይላል፤ ዳኛውም ከሁለት ወር እስከ ሦስት ወር ይቀጥራል። በኋላ በአንዱ ቀጠሮ ስማቸው ተጠራ፤ «አለሁ» የሚል አልተገኘም። ከሳሽ ስላልቀረበች መዝገቡ ተዘግቷል ተብሎ ተጻፈ። ዳኛው ሕጉን አልሳተም፤ ከሳሽ በቀጠሮው ቀን ካልቀረበ የሚደረገው ይኸው ነው። ሞተው መሆናቸውን ለችሎቱ የሚያስታውቅ፣ ተተክቶም የሚከራከር ልጅ አልነበራቸውም። የወንድማቸው ልጅም ወራሻቸው እርሱ ራሱ ነበር።

በሌላው ዓለም ይህንን ነገር በቍጥር ለመፍታት ሞክረዋል። በአሜሪካ የካሊፎርኒያ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዐት ሕግ 36ኛው ክፍል፣ ዕድሜው ከ70 ዓመት በላይ የሆነ ተሟጋች፣ በጉዳዩ ላይ ከፍ ያለ ጥቅም ያለው ሲሆንና ጤንነቱ የሚያሰጋ መሆኑን ፍርድ ቤቱ ሲቀበል፣ ነገሩ በ120 ቀን ውስጥ ለመሰማት እንዲቀጠርለት ያዛል። ብራዚል በ2001 በፈረንጅ አቈጣጠር ከ65 ዓመት ጀምሮ ላሉ ባለጉዳዮች ቅድሚያ ሰጠች፤ በ2003 ስለ አረጋውያን በወጣው ሕግ ዕድሜውን ወደ 60 ዝቅ አደረገች፤ በ2017 ደግሞ ከሽማግሎቹ መካከል 80 ዓመት የሞላቸው ይቅደሙ የሚል አዲስ ሕግ ጨመረች። ይህ የመጨረሻው ሕግ የሚያሳየን አለ። ሽማግሎች ሁሉ ወደ ፊት ሲወጡ በፊት በኩል ሌላ ሰልፍ ይሠራል፤ በዚያም ሰልፍ ውስጥ ደግሞ የሚብስበት ይኖራል። ሕንድ በ2007 ያወጣችው ሕግ ሌላ መንገድ ያዘ፤ ልጆቻቸው የማይጦሯቸው ወላጆች ለልዩ ሸንጎ አመልክተው ጥያቄአቸው በ90 ቀን እንዲወሰን አደረገ። ይህ የዕድሜ ቅድሚያ ብቻ አይደለም፤ ከሰውዬው ጋር የሚሞተውን ጉዳይ ከሌላው መለየት ነው። ስለ ጧሪ ከተናገርሁት ጋር አንባቢ ቢያስተያየው የአገራችን የዘመድ ዳኞች ሲያደርጉት ከነበረው የራቀ አለመሆኑን ይገነዘባል።

የቍጥሩ መንገድ በአገራችን ቢሞከር ኖሮ የሚገጥመው ሌላ መሰናክል ነበረ። ዕድሜን በምን ያረጋግጡታል? ሽማግሌው ሲጠየቅ «በሰገሌ ዘመቻ ጊዜ ጥጃ እጠብቅ ነበር» ይላል፤ ሰገሌ ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ነውና ቀሪውን ዳኛው ያስላው። ሌላዋ በኅዳር በሽታ ዓመት እንደ ተወለደች ትናገራለች፤ ይህም 1911 ዓ.ም. መሆኑ ነው። ከዚያ የቀደሙት ደግሞ በዐድዋ ወይም በክፉ ቀን ይቈጥሩ ነበር። የልደት ምዝገባ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ውስጥ የታሰበ ቢሆንም ሥራ ላይ ሳይውል ኖሮ፣ በ2004 ዓ.ም. ዐዋጅ ቁጥር 760 ወጥቶ ምዝገባው የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ከዚያ በፊት የተወለደ የገጠር ሰው ዕድሜ፣ የክርስትና እናት ወይም የጎረቤት ምስክርነት ካልተጨመረበት በስተቀር፣ በራሱ ላይ ክርክር የሚያስነሣ ነገር ነው። ሙግቱን ለማሳጠር የተሠራ ደንብ ስለ ዕድሜ ሌላ ሙግት ቢወልድ ደግሞ ትርፉ ምንድን ነው? ፊቱን አይቶ፣ ምርኩዙን አይቶ የሚፈርድ ቅርብ ዳኛ ይህ ችግር አልነበረበትም።

የርስቱ ሙግት ግን ዕድሜም ፍጥነትም ሳይጠየቅ በአንድ ቀን አለቀ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በወጣው ዐዋጅ የገጠር መሬት ሁሉ የሕዝብ ሀብት ሆነ፤ ርስት የሚባለው መብት ተሻረ፤ የመሬት ክርክርም ከመደበኛው ፍርድ ቤት ወጥቶ ለገበሬ ማኅበራት የፍርድ ሸንጎ ተሰጠ። በየአውራጃው ቀጠሮ ይዘው የነበሩ ሽማግሎች የሚሟገቱበት ነገር ራሱ ከእጃቸው ወጣ።

የቀረው መዝገቡ ነው። በየፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት አቧራ የለበሱት የርስት ክርክር ፋይሎች፣ ለሕግ ሰው ዋጋ ባይኖራቸውም፣ ለታሪክና ለባህል ተመራማሪ ታላቅ ሀብት ናቸው፤ በብራና ያልሰፈረ የትውልድ ቈጠራ በሽማግሎች ቃል ተጽፎባቸዋልና። በዚህ ሥራ የሚሰማራ ተማሪ ከያንዳንዱ ፋይል ሁለት ቀኖችን አስቀድሞ ቢመዘግብ መልካም ነው፤ ክሱ የቀረበበትን ቀንና «ወራሽ ተተክቶ ቀርቧል» ተብሎ የተጻፈበትን ቀን።